ለጊዜው የተመታ ሚስማር

እኔ ውሸታም አይደለሁም። ይህን ቀድሜ ልናገርና ልገላገል፤ ከዚህ በኋላ የማወራላችሁን ስትሰሙ ሌላ ነገር ማሰባችሁ አይቀርም። ሥራዬ ግን ማስመሰል ነው። ዘጋቢ ፊልም ላይ «የጥንት ሰዎች ይህን የሚያህል ድንጋይ እንዲህ አድርገው ያነሱ ነበር» ሲባል የምታዩት እንጨትና ገመድ፣ አቧራው ሳይቀር፣ እኔ ኮምፒውተር ላይ ተቀምጬ የሠራሁት ነው። ቪዥዋል ኢፌክት ይሉታል። ቢሮ ውስጥ ያሉት ደግሞ እኔን «ወጌሻዋ» ይሉኛል። የተሰበረ ምስል ሁሉ ወደ እኔ ይላካል፣ እኔም አሽቼ፣ ጠግኜ፣ ደህና አስመስዬ እመልሳለሁ። ሲቀልዱብኝ ነው፤ እኔ ግን ስሙን እወደው ነበር።

ባለፈው ዓመት የመጣልኝ ሥራ ድንጋይ ማንሻ ነበር። የፊልሙ የታሪክ አማካሪ የሆኑት ፕሮፌሰሯ ከአንድ ፍርስራሽ ግድግዳ ላይ የተነሳ ፎቶ አመጡልኝ። ግድግዳው ላይ የተቀረጸው የሁለት ሰው ቁመት ያለው የእንጨት መንኮራኩር ነው፤ ውስጡ አንድ ሰው ይራመዳል። ሰውየው ርብራቡን እየረገጠ ሽቅብ ሲራመድ መንኮራኩሩ ይዞራል፣ ዘንጉ ገመድ ይጠቀልላል፣ ገመዱ ከላይ ባለው ወራጅ ላይ አልፎ ወዲያ ማዶ ያለውን ድንጋይ ያነሳል። እስከዚህ ጥርት ብሎ ይታያል። ከመንኮራኩሩ በስተግራ ያለው ክፍል ግን ተሸርፎ ወድቋል። እዚያ ጋ ምን እንደነበረ ማንም አያውቅም። ፕሮፌሰሯም «አላውቅም» ማለት የማያሳፍራቸው ሰው ናቸው።

ዳይሬክተራችን ግን አለማወቅ አይመቸውም። እሱ የፈለገው፣ ሰውየው ድንጋዩን አንስቶ ካቆመ በኋላ ከመንኮራኩሩ እንዲወጣ፣ ግንባሩን በክንዱ እንዲጠርግና አየር ላይ የተንጠለጠለውን ድንጋይ ቀና ብሎ እንዲያይ ነው። «ፊልሙ ማለት ይቺ ናት» አለኝ።

ሠራሁለት። ሰውየው ልውጣ ሲል ግን ድንጋዩ ቁልቁል ይጎትታል፣ መንኮራኩሩ ወደ ኋላ ይሽከረከራል፣ ሰውየውን እንደ ጨርቅ አንስቶ ይወረውረዋል። ሦስት ቀን ታገልኩት። ኮምፒውተሩ ክብደት ያውቃል፤ የኔን የማስረከቢያ ቀን ግን አያውቅም። በአራተኛው ቀን ተናደድኩና አንድ የማይታይ ሚስማር ፈጥሬ መንኮራኩሩን ከአየር ጋር ቸነከርኩት። ቀጥ አለ። ሰውየው ወጣ፣ ግንባሩን ጠረገ፣ ድንጋዩን አየ። ዳይሬክተሩ አጨበጨበልኝ።

በኛ ሙያ እንዲህ ያለ ድብቅ ነገር ብርቅ አይደለም። ስሙን «ለጊዜው» ብለን እንጽፍና እንደብቀዋለን፤ በኋላ ተመልሰን እናስተካክለዋለን ለማለት ነው። የሚመለስ ሰው አይቼ አላውቅም። እኔም ደበቅኩት፣ ረሳሁትም።

ሌላም ነገር አለ። ለሰውየው አካሄድ ስፈልግ አባቴን ደረጃ ሲወጣ ቀርጬ እሱኑ ነበር የገለበጥኩት። አባቴ ቀኝ እግሩን ሲያነሳ ትንሽ ይዘገያል፣ ከዚያ ደፈር ብሎ ይረግጣል። ጉልበቱን ያመዋል። የጥንቱ ሰው ፊቱ የማንም አይደለም፤ አካሄዱ ግን የአባቴ ነው። እማዬ ፊልሙን ስታይ «ይሄ ሰውዬማ የኛው ነው፣ ያንኑ እግሩን ይጎትታል» ብላ ሳቋን መቆጣጠር አቃታት።

ፊልሙ ከመታየቱ በፊት ፕሮፌሰሯ አንድ ነገር ጽፈው ጠየቁኝ። «ልጄ፣ ይህ ነገር በእውነተኛ ክብደት ይሠራል ወይ?» እኔም «አዎ፣ ድንጋዩ አምስት ኩንታል ተደርጎ የተሰላ ነው» ብዬ መለስኩላቸው። ድንጋዩስ አምስት ኩንታል ነበር። ስለ ሚስማር አልጠየቁኝም።

ፊልሙ ተወደደ። ተወደደና ጣጣ አመጣ። ዳይሬክተሩ አንድ ቀን እጁን እያፋተገ መጣና «አሁን ደግሞ የእውነቱን እንሥራው፤ ከምስሉ ላይ ለክተን፣ የእውነት እንጨት፣ የእውነት ድንጋይ» አለ። ማን ይሠራዋል ሲባል እኔው ነኝ አፌን የከፈትኩት። «አባቴ አናጺ ነው» አልኩ። አርባ ዓመት ሙሉ በር፣ ጣሪያና ደረጃ ሲሠራ የኖረ ሰው ነው፤ ሥራ ካቆመ ወዲህ ቤት ውስጥ የወንበር እግር ሲያጠባብቅ ነው የሚውለው። ደስ እንዲለው ፈለግኩ። ደስም አለው። የኔን ሥዕሎች አሳትሞ ግድግዳው ላይ ለጠፋቸው፤ እንግዳ በመጣ ቁጥር «ልጄ የሠራችው ነው» ይል ነበር።

ውስጡ የሚራመደውም እሱ ሆነ። ዳይሬክተሩ አካሄዱን አይቶ የፊልሙ ሰውዬ ከማን እንደተቀዳ ገብቶታል። እማዬ ስለ ጉልበቱ ብትለምነውም ጆሮ ዳባ ልበስ አለ። «እኔ የሠራሁት ውስጥ ሌላ ሰው ቀድሞ አይገባም» አላት።

ከቀረጻው ሦስት ሳምንት በፊት ደወለልኝ። ሌላ ሥራ ወጥሮ ይዞኝ ስለነበር ስልኩ ትከሻዬ ላይ፣ እጄ ኪቦርዱ ላይ ነው።

«የኔ ልጅ፣ አንድ ነገር አልገባኝም» አለ። «ሰውየው ሲወጣ መንኮራኩሩን የሚይዘው ማነው?»

«ራሱ ይይዛል አባዬ።»

«ራሱ እንዴት?»

«እንጨት ከእንጨት ሲፋተግ ነዋ። ተሞክሯል እኮ።»

«በምን ተሞከረ?»

«በኮምፒውተር። ክብደቱም ገመዱም ሁሉም ተሰልቷል።»

«እኔ ብሆን አንድ ማገጃ አደርግለት ነበር» አለ።

«ማገጃ ካደረግህለት ፊልሙን አይመስልማ።»

«እሺ» አለ አባቴ። «አንቺ ካልሽ ይይዛል።»

ከዚያ በአሸዋ ከረጢት ሞከሩት። ከረጢቱ ቀላል፣ እንጨቱ አዲስ፣ ዘንጉም ጥብቅ ስለነበር ያዘ። እንኳን ደስ አለሽ ብሎ ዳይሬክተሩ መልእክት ላከልኝ።

የቀረጻው ቀን ጠዋት እኔ ቢሮ ነበርኩ። ዳይሬክተሩ የኮምፒውተሩንና የእውነቱን ጎን ለጎን ማሳየት ስለፈለገ የድሮውን ፋይል እንዳዘጋጅ ነግሮኛል። ሦስት ሰዓት ገደማ ከፈትኩት። የተደበቀውን ሁሉ አሳይ የሚለውን ስነካ፣ ከመንኮራኩሩ በስተግራ፣ ልክ ግድግዳው የተሸረፈበት ቦታ ላይ፣ አንዲት ቀይ ሚስማር ብቅ አለች። ስሟ «ለጊዜው» ይላል።

መጀመሪያ ሳቅኩ። እንደ ድሮ ጓደኛ ነበር ያየኋት። ከዚያ የአባቴ ጥያቄ ትዝ አለኝ።

ሚስማሯን ነቀልኩና አስጀመርኩት። ሰውየው ቀኝ እግሩን ትንሽ እያዘገየ፣ ደፈር ብሎ እየረገጠ፣ ድንጋዩን አነሳ። ለመውጣት ዞር አለ። መንኮራኩሩ አንስቶ ከምስሉ ውጪ ወረወረው። እንጨቱ ይበልጥ እንዲፋተግ አድርጌ ደገምኩት፤ ወረወረው። ቀስ ብሎ እንዲወጣ አድርጌ ሞከርኩት። በሦስተኛው በአባቴ አካሄድ ተራምዶ በአናቱ ወደቀ።

ድንጋዩ የሚነሳው አምስት ሰዓት ላይ ነው። አሁን የምናገረውን ለማንም ነግሬ አላውቅም፤ ወዲያው አልተነሳሁም። አራት ደቂቃ ያህል ወንበሬ ላይ ቁጭ ብዬ ሳልዋረድ የማስቆምበትን መንገድ ፈለግኩ። ገመዱ ይመርመር ልበል? ጉልበቱን አሞታል ልበል? ለፕሮፌሰሯ የጻፍኩት መልስ ዓይኔ ላይ መጣ። አባቴ ሊሞት እኔ ስለ ስሜ አስብ ነበር። ይህን ሳስታውስ ዛሬም ራሴን እጸየፋለሁ።

ለዳይሬክተሩ ደወልኩ፤ ዝግ ነው። ድምፅ እንዳይረብሸው ከቀረጻ በፊት የሁሉንም ስልክ በካርቶን ይሰበስባል። የካሜራ ባለሙያው፣ ዝግ። ፕሮፌሰሯ፣ ዝግ። የአባቴ ጠራ። ያነሳችው እማዬ ናት።

«ቻርጅ ላይ ትቶት ሄደ» አለች። «ደግሞ ዛሬ የክት ሸሚዙን ነው የለበሰው። ምነው ድምፅሽ?»

«ምንም አልሆንኩም» አልኳት። ያቺም አንድ ውሸት ናት።

ቀረጻው ከከተማ ወጣ ብሎ ድንጋይ ሲፈለጥበት ቆይቶ በተተወ ካባ ውስጥ ነው። ታክሲ ውስጥ ገብቼ ፍጠን፣ በዚህ ግባ፣ በዚያ ቅደም ስል ሹፌሩ ሰለቸው። «እህቴ፣ መኪናዋ ክንፍ የላትም፤ ብርቱ ቀጠሮ ከሆነ ትላንት መነሳት ነበር» አለኝ።

«አባቴ ሊሞት ነው» አልኩት። ቃሉን ከአፌ ሲወጣ የሰማሁት ያኔ ነው። ሹፌሩ በመስታወት አየኝና ነዳጁን ረገጠው። ቀይ መብራት በያዘን ቁጥር ያንን እግር አያለሁ፤ ትንሽ ዘግየት፣ ከዚያ ደፈር።

ካባው በር ላይ ጥበቃው ጣቱን ከንፈሩ ላይ አድርጎ ቀረጻ ላይ መሆናቸውን አመለከተኝ። አልፌው ገባሁ።

ድንጋዩ ተነስቷል። ደረት ድረስ ከፍ ብሎ ቀስ እያለ ይወዛወዛል፤ ገመዱ ተወጥሮ ይንቋቋል። አባቴ መንኮራኩሩ ውስጥ ከፊት በኩል ከፍ ብሎ ርብራቡን ረግጦ ቆሟል፣ ነጩ ሸሚዙ ጀርባው ላይ ተጣብቋል። ድንጋዩን ይዞ ያቆመው የእሱ ክብደት ብቻ ነው። በዙሪያው ያሉት ሁሉ ፊታቸው ፈክቷል። ዳይሬክተሩ እጁን ወደ ላይ አንስቷል፤ እጁ ሲወርድ አባቴ ይወጣል።

«አባዬ» ብዬ ጮህኩ።

ሌላው ጥፋቴ ይህ ነው። አባቴ ስጠራው ዝም ብሎ አያውቅም፤ ወደ እኔ ዞረ። ሲዞር ቀኝ እግሩ ከርብራቡ ለቀቀ። መንኮራኩሩ አጓርቶ ወደ ኋላ ሄደ፤ ድንጋዩ ጣት ያህል ዝቅ ሲል እሱን ክንድ ያህል ሽቅብ ወሰደው። በሁለት እጁ እንጨቱን አቅፎ ተጣበቀ። ቆመ። የዚያን እንጨት ድምፅ እስካሁን እሰማዋለሁ።

ዳይሬክተሩ ሊቆጣኝ አፉን ከፈተ። ፊቴን ሲያይ ዘጋው።

«አባዬ፣ እንዳትወጣ» አልኩ፣ ድምፄን ዝቅ አድርጌ። «እንዳትንቀሳቀስ። የሚይዘው ነገር የለም። ኮምፒውተሩ ላይ የያዘው ሚስማር መትቼበት ነው። የማይታይ ሚስማር። ከወጣህ ይወረውርሃል።»

ፕሮፌሰሯ መነጽራቸውን አውልቀው አዩኝ። አባቴ አልጮኸም፣ እኔንም አላየኝም። ድንጋዩን፣ ገመዱን፣ ከዚያ ዳር የተከመሩትን የወራጅ ጉማጆች ተራ በተራ አየ። ሥራ ላይ ያለ አናጺ ሆኖ ነው ያየው።

«ጉማጆቹን ከድንጋዩ ሥር ደርድሩ» አለ። «ሁለት በዚህ፣ ሁለት በአግድም። እጃችሁን ከሥሩ እንዳታስገቡ፤ በዱላ ግፉት።»

ሁሉም ተሯሯጠ። ዳይሬክተሩ ሳይቀር ያንን የቆዳ ጃኬቱን ጥሎ እንጨት ተሸከመ። እኔም ላነሳ ስል አባቴ «አንቺ እዚህ ቁሚ» አለኝ። መንኮራኩሩ አጠገብ ቆምኩ። ከፊቴ የነበረው ጉልበቱ ነው፤ ሱሪው ውስጥ ይንቀጠቀጣል። ያንን እግር ስንት ሰዓት ስክሪን ላይ አፍጥጬበታለሁ፤ ሲደክም ምን እንደሚያደርግ አውቃለሁ። መጀመሪያ ይንቀጠቀጣል፣ ከዚያ ድንገት ይታጠፋል። ይህን የማውቅ እኔ ብቻ ነበርኩ።

«ስጠይቅሽ ታውቂ ነበር?» አለኝ።

ሁሉም ይሰማል። ረስቼው ነበር ብል እውነት ነው፤ እውነት ደግሞ ይበቃኝ ነበር።

«ረስቼው ነበር» አልኩ። ጉልበቱን አየሁት። «ግን ፋይሉን ከፍቼ ማየት እችል ነበር። አላየሁም። ሥራ በዝቶብኝ ነበር፣ ሳላይ ነው ይይዛል ያልኩህ።»

«እሺ» አለ። ላቡ ዓይኑ ውስጥ እየገባ ነው፤ ሊጠርገው አይችልም፣ እጁ ከእንጨቱ አይለቅም። «አሁን ስንት ጉማጅ ቀራቸው?»

«አራት።»

«ቁጠሪልኝ።»

ቆጠርኩለት። አራት፣ ሦስት፣ ሁለት። ሁለት ላይ ጉልበቱ አንዴ ታጠፈ። መንኮራኩሩ አጓራ። እጄን አስገብቼ እግሩን ከታች ያዝኩት። ሞኝነት ነው፣ መንኮራኩሩ ቢሄድ እጄንም ይዞ ነው የሚሄደው። «ልቀቂ» አለኝ። አልለቀቅኩም። ቁርጭምጭሚቱ ቀዝቃዛ ነበር።

የመጨረሻው ጉማጅ ሲገባ በድንጋዩና በእንጨቱ መካከል ጣት የማያስገባ ክፍተት ቀረ። «አሁን ሽብልቅ» አለ አባቴ። የካሜራ ባለሙያው ሽብልቁን አስገብቶ በመዶሻ መታው፤ ከዚህ አንድ፣ ከዚያ አንድ። ድንጋዩ እንጨቱ ላይ አረፈ። ገመዱ ለቀቅ ሲል አየሁት።

«ላልቷል አባዬ» አልኩ። «መውጣት ትችላለህ።»

አባቴ አልተንቀሳቀሰም። በኔ ላይ አሻግሮ የካሜራ ባለሙያውን ጠራው። «ወንድሜ፣ ገመዱን በእጅህ ጫን በለው እስኪ። ላልቷል?»

ሰውየው ገመዱን ጫን አለው። «ላልቷል አባባ።»

ከዚያ ነው የወጣው። ግንባሩን አልጠረገም፣ ድንጋዩንም ቀና ብሎ አላየም። መሬት ላይ ተቀምጦ ጉልበቱን በሁለት እጁ ያዘ። አጠገቡ ተንበርክኬ አለቀስኩ። እጁን ራሴ ላይ አድርጎ «አይዞሽ» አለኝ። ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ፕሮፌሰሯ ስንሄድ መኪናው ድረስ ሸኙን። የተናገሩኝ አንዲት ነገር ብቻ ናት። «ልጄ፣ አናውቅም ብንል እኮ ማንም አይቆጣንም ነበር።»

ፊልሙ በኋላ ተስተካክሎ ወጣ። የተሸረፈው ቦታ ባዶ ሆኖ ይታያል፤ ሰውየውም ከመንኮራኩሩ አይወጣም። እኔ ሥራዬ ላይ አለሁ፣ «ወጌሻዋ» የሚለኝ ግን የለም። እኔም በ«ለጊዜው» ስም የደበቅኩትን ሁሉ አንድ በአንድ እየከፈትኩ አየሁ፤ መቶ አርባ ሁለት ነበር።

አባቴ ስለዚያ ቀን አያነሳም። ለእማዬ ጉልበቱ እንዳበጠበት ብቻ ነው የነገራት። ግድግዳው ላይ የለጠፋቸውን ሥዕሎችም አላወረደም፤ እንግዳ ሲመጣ ግን «ልጄ የሠራችው ነው» አይልም።

ባለፈው እሁድ እነሱ ቤት ነበርኩ። የመጋረጃው ዘንግ ወልቆ ስለነበር መሰላል አምጥቶ አቆመ። መሰላሉን በሁለት እጄ ግጥም አድርጌ ያዝኩት።

«ውጣ አባዬ» አልኩ። «ይዤዋለሁ።»

አንድ እግሩን መወጣጫው ላይ አድርጎ ነበር። አወረደው። እጁን ኪሱ ውስጥ ከተተና ትንሽ ሽብልቅ አወጣ፤ አሁን አሁን ኪሱ ውስጥ እንደሚይዝ አላውቅም ነበር። ጎንበስ ብሎ ከመሰላሉ እግር ሥር አስገባው፣ በጫማው ተረከዝ መታ መታ አደረገው፣ መሰላሉን ነቅነቅ አድርጎ ሞከረው። ቁጣ ፊቱ ላይ የለም፤ ዓይኔንም አላየኝም።

ከዚያ ወጣ። እኔ እስኪወርድ ድረስ መሰላሉን እንደያዝኩ ነበር።